የደረጃና የደመወዝ ምደባ ውሳኔን በፍርድ ቤት ማስከለስ፦ ለፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች

የድልድል ደብዳቤ (በየትኛው የሥራ መደብና ደመወዝ እንደተመደቡ የሚገልጸው) ደርሶ ደረጃው ወይም እርከኑ (በአንድ ደረጃ ውስጥ ያለው የደመወዝ መወጣጫ) ከጠበቁት በታች ሲሆን ብዙ ሰው ወዲያው የሚያነሳው ቅሬታ «ደመወዙ አይበቃም» ወይም «ሙያችን ተናቀ» የሚል ነው። እውነትነት ሊኖረው ይችላል፤ ችሎት ላይ ግን አያራምድም። ፍርድ ቤት ገንዘቡ ማነሱን አይመዝንም። የወሰነው አካል ሥልጣን ነበረው ወይ፣ ሕጉ ያዘዘውን መንገድ ተከትሏል ወይ፣ ምክንያቱን ጽፏል ወይ፣ ያየው ማስረጃ ከደረሰበት መደምደሚያ ጋር ይገጥማል ወይ ብሎ ነው የሚጠይቀው። አቤቱታዎ ከነዚህ ጥያቄዎች ቢያንስ አንዱን ካልነካ ጠበቃ ቢያቆሙም ዋጋ የለውም።

የትኛውን ውሳኔ ነው የሚቃወሙት?

ደብዳቤው አንድ ቢሆንም ከጀርባው ሦስት የተለያዩ ውሳኔዎች አሉ። አብዛኛው መዝገብ የሚበላሸው እነዚህ ሲደባለቁ ነው።

አንደኛው ስኬሉ ራሱ ነው፤ ለየደረጃውና ለየእርከኑ የሚከፈለውን ደመወዝ የሚያሳየው ሠንጠረዥ ማለት ነው። የደመወዝ ስኬል በፌዴራል ሲቪል ሰርቪስ ኮሚሽን ተጠንቶ በሚኒስትሮች ምክር ቤት ይጸድቃል። በጥቅምት 2017 በተጀመረው ማስተካከያ ዝቅተኛው ደመወዝ ከ1,100 ብር ወደ 4,760 ብር፣ ከፍተኛው ከ20,468 ወደ 21,492 ብር ሆነ። በመስከረም 2018 ደግሞ ዝቅተኛው 6,000፣ ከፍተኛው 39,000 ብር ደረሰ። የ2017ቱን ልብ ብለው ይዩት፦ ታችኛው ከ4 እጥፍ በላይ ሲያድግ የላይኛው የጨመረው 1,024 ብር ብቻ ነው። በደረጃዎች መካከል የነበረው ርቀት ተጨፍልቆ የ20 ዓመት ባለሙያና ትናንት የተቀጠረ ሰው ጎን ለጎን ቆሙ። ቅሬታው የሚገባ ቢሆንም፣ ርቀቱ ምን ያህል ይሁን የሚለው የፖሊሲና የበጀት ጉዳይ ስለሆነ ዳኛ «800 ብር ይጨመርበት» ብሎ አይፈርድም። ስኬል በሕግ ክርክር የሚነካው ሕገ መንግሥቱን ወይም የመንግሥት ሠራተኞች አዋጁን ሲጥስ ነው፤ ለምሳሌ ለተመሳሳይ ሥራ ሴትና ወንድን ለይቶ ቢከፍል በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 ላይ ይወድቃል።

ሁለተኛው የሥራ መደቡ ምዘና ነው። መደቦች በነጥብ ምዘና ተለክተው በ22 ደረጃዎች ይመደባሉ። እዚህ የሚመዘነው ሥራው እንጂ ሰውየው አይደለም፤ «ሁለተኛ ዲግሪ አለኝ» የሚለው ክርክር ለምዘናው የማይጠቅመውም ለዚህ ነው። መደቡ ራሱ ሁለተኛ ዲግሪ የሚጠይቅ ከሆነና ቅጹ ላይ ይህ ካልተቆጠረ ግን ክርክሩ ሕይወት ያገኛል።

ሦስተኛው የግል ድልድልዎ ነው፦ በየትኛው መደብ፣ በየትኛው እርከን፣ ከየትኛው ቀን ጀምሮ። ይህን የሚወስነው የሚሠሩበት መሥሪያ ቤት ነው። ብዙ ጊዜ የሚያሸንፈውም ይኸኛው ነው፤ ስህተቱ በወረቀት ይታያልና።

ደብዳቤው ላይ ደረጃውን፣ እርከኑንና የሚጸናበትን ቀን ያስምሩ፤ ከዚያ እያንዳንዱን ማን እንደወሰነው ይጻፉበት። አንድ ሰው ያለአግባብ የተነፈገው አንድ እርከን ሆኖ ሳለ ስኬሉ በሙሉ ይሻርልኝ ብሎ ከተነሳ የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ይሆንበታል፦ ስኬሉ አይነካም፣ የእርከኑም የአቤቱታ ጊዜ ያልፋል።

የትኛው ሕግ፣ የትኛው በር

የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 በአዋጅ ቁጥር 1353/2017 ተተክቷል። የሚሠራብዎት ውሳኔው በተሰጠበት ቀን ጸንቶ የነበረው ነው፤ አቤቱታ ላይ የተሻረውን አዋጅ አንቀጽ ጠቅሶ መግባት ተቃራኒ ወገንን በነፃ ማስታጠቅ ነው። የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደርና የክልል ሠራተኞች በየራሳቸው አዋጅና በየራሳቸው የይግባኝ አካል ይስተናገዳሉ። የመንግሥት የልማት ድርጅት ሠራተኛ ደግሞ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ስለሚተዳደር በሩ የሥራ ክርክር ችሎት ነው። ዳኛ፣ ዐቃቤ ሕግ፣ ፖሊስና መከላከያ የየራሳቸው ሕግ አላቸው።

ለፌዴራል ሲቪል ሠራተኛ ቅደም ተከተሉ ይህ ነው፦ የመሥሪያ ቤቱ የቅሬታ ኮሚቴ፣ ቀጥሎ የመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት፣ ከዚያ መደበኛ ፍርድ ቤት። ከዚህ ጎን ለጎን የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 አለ። መመሪያን ወይም አስተዳደራዊ ውሳኔን ለማስከለስ ሥልጣን የሰጠው ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ነገር ግን በአስተዳደር ውስጥ ያለውን የቅሬታ መንገድ ሳይጨርሱ ሄደው ያንኳኩ እንደሆነ በመጀመሪያው ቀጠሮ ይመለሳሉ።

በአስተዳደር ፍርድ ቤቱ በኩል ሲገቡ የሚያያቸው ጉዳዮች በመንግሥት ሠራተኞች አዋጁ የተዘረዘሩ መሆናቸውን አይርሱ። ደመወዝን ወይም ሌላ ክፍያን ከሕግ ውጭ መያዝና መቁረጥ ከነሱ አንዱ ነው። አቤቱታዎ በዝርዝሩ በየትኛው ፊደል ሥር እንደሚያርፍ በመጀመሪያው አንቀጽ ላይ ይጻፉ። «ደረጃዬ ዝቅ ብሎ ተመዘነ» ብቻ ብሎ መጻፍ «ሥልጣን የለንም» ለሚል ብይን ያጋልጣል። «በድልድሉ ምክንያት ስከፈለው ከነበረው ደመወዝ በወር ይህን ያህል ተቀንሷል» ሲባል ግን ነገሩ መልክ ይይዛል፤ በእርግጥ ተቀንሶ ከሆነ ነው።

ከመጻፍዎ በፊት መሰብሰብ ያለባቸው

የድልድል ደብዳቤው ዋናው ወይም የተረጋገጠ ቅጂው፤ ከድልድሉ በፊት የነበረው የመጨረሻ የዕድገት ወይም የእርከን ጭማሪ ደብዳቤ፤ የሁለት ወር ፔሮል (የደመወዝ መክፈያ ዝርዝር)፣ አንዱ ከለውጡ በፊት፣ አንዱ በኋላ፤ የመደቡ የሥራ ዝርዝር፤ የምዘናው የነጥብ ቅጽ፤ የድልድል ኮሚቴው ቃለ ጉባኤ፤ ድልድሉ የተሠራበት መመሪያ ወይም ሰርኩላር (ለመሥሪያ ቤቶች የሚተላለፍ ደብዳቤ)። የመጀመሪያዎቹ ከእጅዎ አይጠፉም። የነጥብ ቅጹና ቃለ ጉባኤው ግን «የውስጥ ሰነድ ነው» ተብለው ይከለከላሉ።

ለነዚህ በጽሑፍ ይጠይቁ፣ ቅጂውን መዝገብ ቤት አስገብተው «ገቢ ሆኗል» የሚል ማህተምና ቁጥር ያስመቱበት። በመረጃ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 590/2000 መሠረት መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት አለበት። እነዚህን 30 ቀናት መጠበቅ ግን የአቤቱታ ጊዜዎን አያስቆምም። ስለዚህ ቅሬታውን በያዙት ሰነድ ያስገቡ፣ የጎደለውን በኋላ ፍርድ ቤቱ እንዲያስቀርብልዎ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 145 መሠረት ይጠይቁ። «ጠይቄ ተከለከልኩ» የሚለውን የሚያስረዳው ያ ማህተም ያረፈበት ቅጂ ነው። በቃል መጠየቅ ችሎት ላይ እንዳልጠየቁ ይቆጠራል።

የውስጥ ቅሬታው

ከሁሉም ደረጃዎች ጊዜው የሚያጥረው ይህኛው ነው። ደብዳቤው በደረሰዎት ሳምንት ውስጥ ያስገቡ፤ ጠበቃ እስኪያገኙ አይጠብቁ። ደብዳቤውን ሲቀበሉም «ተቃውሞዬን አስቀምጬ ተቀብያለሁ» ብለው ከነቀኑ ይፈርሙ። አንፈርምም ማለት አይጠቅምም፤ ተነግሮት እምቢ አለ ተብሎ በምስክር ቃለ ጉባኤ ይያዝና ጊዜው ከዚያው ቀን ይቆጠራል።

ቅሬታው ላይ በኋላ ፍርድ ቤት የሚያነሱትን ነጥብ ሁሉ፣ በአንድ መስመርም ቢሆን፣ ይጻፉ። እዚህ ያልተነሳ ነጥብ ፍርድ ቤት ሲነሳ «ለተቋሙ የማረም ዕድል ሳይሰጠው» የሚል መልስ ይመጣበታል።

ኮሚቴው ዝም ካለስ? ዝምታን መታገስ ብዙ ሰው የሚወድቅበት ጉድጓድ ነው። ኃላፊው «እየታየ ነው፣ ትንሽ ታገሥ» ይላል፤ ሰውየው በይሉኝታ ይጠብቃል፤ ወራት ያልፋሉ። አዋጁ ለመልስ የሰጠው ቀን ሲያበቃ መልስ እንዳልተሰጠ በደብዳቤ ያስታውቁና ወደሚቀጥለው በር ይሂዱ። ለእንባ ጠባቂ ተቋምም አቤት ማለት ይቻላል፣ ክፍያ የለውም፤ ውጤቱ ግን የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይደለም፤ እሱን ሲጠብቁ የፍርድ ቤቱ ጊዜ እንዳያልፍ።

ውሳኔ የሚሻርባቸው ምክንያቶች

ከሁሉ ቀድሞ የሚታየው ሥልጣን ነው። ድልድሉን የፈረመው ሰው በመመሪያው ሥልጣን የተሰጠው ነው? ኮሚቴው በተሟላ ቁጥር ተሰብስቧል? ከኮሚቴው አባላት አንዱ ለዚያው መደብ ተወዳዳሪ አልነበረም? ይህ የመጨረሻው ከሚታሰበው በላይ ያጋጥማል፤ ቃለ ጉባኤው ላይ ስሙን ማየት ብቻ ይበቃል።

ሁለተኛው የመመሪያው ሕጋዊነት ነው። በአዋጅ 1183/2012 መሠረት መመሪያ ለሕዝብ አስተያየት ቀርቦ፣ የሕግ አስተያየት ተሰጥቶበት፣ ተመዝግቦና ቁጥር ወጥቶለት በድረ ገጽ ካልተጫነ ተፈጻሚ አይሆንም። ፍትሕ ሚኒስቴር የሚመዘግባቸውን መመሪያዎች ይመልከቱ፣ የርስዎ ድልድል የተሠራበት በዚያ አለ? በደመወዝ ጉዳይ የተለመደው ችግር መመሪያው ተመዝግቦ ሳለ መሥፈርቱ በኋላ በሰርኩላር መለወጡ ነው። «ከዚህ ቀደም የተገለጸው የ4 ዓመት ልምድ ወደ 6 ዓመት ከፍ ብሏል» የሚል ሰርኩላር፣ ስሙ ደብዳቤ ቢሆንም፣ ሥራው የመመሪያ ነው፤ የሰዎችን መብት ቀይሯልና። ክርክሩን በስያሜው ላይ ሳይሆን በውጤቱ ላይ ይገንቡ።

ሦስተኛው፣ ምክንያት ሳይሰጡ መወሰን ነው። አስተዳደራዊ ውሳኔ በጽሑፍና ከነምክንያቱ መሰጠት አለበት። «ቅሬታዎ ተቀባይነት አላገኘም» የሚል የአንድ መስመር ደብዳቤ ብቻውን መሻሪያ ሊሆን ይችላል። ነገር ግን በዚህ ብቻ ካሸነፉ የሚያገኙት ምክንያት የተጻፈበት ያው ውሳኔ ሊሆን ስለሚችል ሌላ ነጥብ ጨምሩበት።

አራተኛው ከማስረጃ ጋር መጋጨት ነው፣ ጊዜ ሊሰጠው የሚገባም ይህ ነው። ምዘና የሚሠራው ሥራው በሚጠይቀው ዕውቀትና ክህሎት፣ ጥረት፣ ኃላፊነትና የሥራ ሁኔታ ነው። የነጥብ ቅጹንና የሥራ ዝርዝሩን ጎን ለጎን ዘርግተው መስመር በመስመር ያነጻጽሩ። ደካማው አጻጻፍ «ሥራዬ ከባድና ኃላፊነት የበዛበት ሆኖ ሳለ በዝቅተኛ ደረጃ ተመደብኩ» የሚለው ነው። የሚሠራው እንዲህ ይላል፦ «በሥራ ዝርዝሩ ተራ ቁጥር 4 መደቡ 6 ሠራተኞችን እንደሚመራ ተጽፎ ሳለ፣ የነጥብ ቅጹ በኃላፊነት መሥፈርት ሥር "ሌሎችን አይመራም" ብሎ ዝቅተኛውን ነጥብ ሰጥቷል። ይህ ነጥብ ቢስተካከል ድምሩ ወደሚቀጥለው ደረጃ ይሸጋገራል።» የመጨረሻዋ ዓረፍተ ነገር ወሳኝ ናት። ስህተቱ ታርሞ ደረጃው የማይቀየር ከሆነ ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን የሚነካበት ምክንያት የለውም፤ ስለዚህ ነጥቡን ደምረው ያሳዩ።

የመንግሥት ሠራተኞች አዋጁ እኩል ዋጋ ያላቸው ሥራዎች እኩል መነሻ ደመወዝ እንዲኖራቸው ይፈልጋል። በዚህ ለመከራከር ማነጻጸሪያ መደብ ሲመርጡ የመጠሪያ መመሳሰል አይበቃም። በሁለት መሥሪያ ቤቶች «ከፍተኛ ባለሙያ» የሚባሉ ሁለት ሰዎች ሥራቸው የሰማይና የምድር ሊሆን ይችላል። የሁለቱንም የሥራ ዝርዝር ያቅርቡ፣ አንድ ጠንካራ ማነጻጸሪያ ከአምስት ልቅ ይሻላል።

«በጀት የለም» የሚለው መልስ በመርሕ ደረጃ ሕገ ወጥ ምደባን ሕጋዊ አያደርግም። በተቃራኒው ደግሞ በጀት የሚጠይቅ ሥርዓት ሳይሟላ የተገባ ቃልም ይፈርሳል፦ የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት በየካቲት 2022 (እ.ኤ.አ.) መንግሥት ከሠራተኛ ማኅበራት ጋር በ2018 (እ.ኤ.አ.) የፈረመውን የደመወዝ ጭማሪ ስምምነት አንድ ክፍል የበጀት ማረጋገጫ ሥርዓቱ አልተከበረም ብሎ ውድቅ አድርጎታል። ኃላፊ ፈርሞ የሰጠዎት «ይስተካከላል» የሚል ደብዳቤ ላይ ብቻ ተስፋዎን አይጣሉ።

አቤቱታውን መጻፍ

የተለመደው ቅርጽ ይበቃል፦ የፍርድ ቤቱ ስም፣ አመልካችና ተጠሪ ከነአድራሻቸው፣ የጉዳዩ ዝርዝር፣ የሚጠየቀው ዳኝነት፣ መጨረሻ ላይ «በፍ/ብ/ሥ/ሥ/ሕ/ቁ 92 መሠረት እውነት መሆኑን አረጋግጣለሁ» የሚለው ማረጋገጫና ፊርማ። የማስረጃ ዝርዝሩ በዚሁ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 223 መሠረት አብሮ ይያያዛል። ተጠሪን በትክክል ይምረጡ፦ የግል ድልድሉን የሚቃወሙ ከሆነ መሥሪያ ቤትዎ፣ ምዘናውን ወይም መመሪያውን ከሆነ ያጸደቀው አካል፣ ሁለቱንም ከሆነ ሁለቱን። የመምሪያ ኃላፊውን በስሙ መክሰስ ቂም ከማትረፍ በቀር ጥቅም የለውም።

ከ4 ገጽ አይብለጥ። በቀን ቅደም ተከተል ይሂድ፣ እያንዳንዱ አንቀጽ የያዘው አንድ ፍሬ ነገር ይሁን፣ በመጨረሻው «አባሪ 3» ብሎ ማስረጃውን ይጥራ።

ዳኝነት ሲጠይቁ ይደርድሩት። ፍርድ ቤት በተቋሙ ቦታ ተቀምጦ ደረጃ መስጠት ስለማይወድ «ደረጃ 12 ይሰጠኝ» ብቻ ብሎ የመጣ ሰው ባዶ እጁን ሊመለስ ይችላል። እንዲህ ቢሆን ይመረጣል፦ «በቁጥር ... በቀን ... የተሰጠው የድልድል ውሳኔ እንዲሻር፤ ተጠሪ የሥራ ዝርዝሩን ተራ ቁጥር 4 ግምት ውስጥ አስገብቶ በተወሰነ ጊዜ ውስጥ እንደገና እንዲወስን፤ አዲሱ ውሳኔ ከድልድሉ ቀን ጀምሮ እንዲጸና፤ የደመወዝና የጡረታ መዋጮ ልዩነት እንዲከፈል»። «በተወሰነ ጊዜ ውስጥ» የሚለው ከተረሳ ጉዳዩ ተመልሶ መሳቢያ ውስጥ ይተኛል። «ከድልድሉ ቀን ጀምሮ» የሚለው ከተረሳ ደግሞ ማስተካከያው ከፍርዱ ቀን በኋላ ብቻ ይሆናል።

ልዩነቱን በሠንጠረዥ አስልተው አያይዙት። ለምሳሌ በወር የ850 ብር ልዩነት ለ14 ወር 11,900 ብር ነው። ብዙዎች የሚረሱት ጡረታው ነው፦ አሠሪው 11 በመቶ፣ ሠራተኛው 7 በመቶ ስለሚያዋጣ በየወሩ ከመንግሥት 93.50፣ ከርስዎ 59.50 ብር ሳይገባ ቀርቷል። የጡረታ አበል የሚታሰበው በመጨረሻዎቹ 3 ዓመታት አማካይ ደመወዝ በመሆኑ ለጡረታ ለተቃረበ ሰው ከውዝፉ ይልቅ ይኼኛው ይከብዳል። ሁሉንም ከግብር በፊት ባለው ደመወዝ ያስሉ።

ተመሳሳይ በደል የደረሰባቸው ብዙ ከሆኑ በዚሁ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 38 መሠረት ጥቂቶች ሌሎቹን ወክለው መክሰስ ይችላሉ። ይህ የሚሠራው ጥያቄው አንድ ሲሆን ነው። ሁሉም በአንድ ሰርኩላር ከተጎዱ ይጣመሩ። አንዱ እርከን፣ ሌላው ልምድ፣ ሦስተኛው የትምህርት ማስረጃ ከሆነ ግን መዝገቡ ይጠላለፋልና ይለያዩ።

የሚጠብቁዎት መቃወሚያዎች

ተጠሪ ወደ ፍሬ ነገሩ ከመግባቱ በፊት የሥነ ሥርዓት ሕጉን ቁጥር 244 ይዞ ይመጣል፦ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለውም፣ ጉዳዩ አስቀድሞ ተወስኗል፣ በይርጋ ታግዷል (የማቅረቢያ ጊዜው አልፏል)፣ አመልካች መብት የለውም። በደመወዝ ጉዳይ ሁለቱ ይደጋገማሉ። ይርጋውን የሚመልሱት በቀኖች ዝርዝር ነው፦ ደብዳቤው የደረሰበት፣ ቅሬታው የገባበት፣ መልሱ የተሰጠበት፣ እያንዳንዱ ከማህተሙ ጋር። የደብዳቤው ወጪ ቀንና የደረስዎት ቀን ሁለት ወር ሊራራቅ ስለሚችል የተረከቡበትን መዝገብ ገጽ ቅጂ ይያዙ። «የፖሊሲ ጉዳይ ነው» ለሚለው ደግሞ መልሱ አጭር ነው፦ አመልካች የስኬሉን መጠን አልተቃወመም፣ በጸደቀው ስኬል ላይ የተመደበበትን አሠራር እንጂ። ይህን መመለስ የሚችለው መጀመሪያውኑ ውሳኔዎቹን ለይቶ የከሰሰ ሰው ነው።

አቤቱታ ማቅረብ ብቻውን የውሳኔውን አፈጻጸም አያግድም። በአብዛኛው እግድ አያስፈልግም፤ ልዩነቱ በኋላ ይከፈላልና። መሥሪያ ቤቱ «በስህተት ከፍ ተደርጎ ተከፍሎሃል» ብሎ ከደመወዝ መቁረጥ ሲጀምር ግን ወዲያውኑ ይጠይቁ፣ የቤት ኪራይና የልጆች ወጪ ማስረጃ ያያይዙ። የሚቆረጠው ከወር ደመወዝ አንድ ሦስተኛ የሚበልጥ ከሆነ በአዋጅ 1064/2010 ዘመን ለተጀመሩ ጉዳዮች ያ ራሱን የቻለ ጥሰት ነው።

በቀጠሮ ቀን ይገኙ፤ አመልካች ቀርቶ መዝገብ መዘጋት ከሚታሰበው በላይ የተለመደ ነው።

ከፍርዱ በኋላ

ውሳኔው ተሽሮ ከተመለሰ የፍርዱን ግልባጭ በሸኚ ደብዳቤ ለመዝገብ ቤት ያስገቡ፣ ለሰው ሀብት አስተዳደርና ለፋይናንስ ግልባጭ ያድርጉ። ፋይናንስ ካልደረሰው ፔሮሉ አይቀየርም። በጀቱ በሐምሌ 1 የሚጀምር በመሆኑ ውዝፍ ክፍያ በያዝነው ዓመት እንዲካተት ከግንቦት በፊት ቢደርስ ይመረጣል። አዲሱ ውሳኔ ሲመጣ ከአሮጌው ጋር ያስተያዩት፦ ቃላቱ ተቀይረው ምክንያቱ ያው ከሆነ ፍርዱ አልተፈጸመም፤ የአፈጻጸም መዝገብ ይክፈቱ። ምክንያቱ በእርግጥ አዲስ ከሆነና ካልተስማሙበት ግን አዲስ ውሳኔ ነው፤ የቅሬታው ጊዜ እንደገና ከደረሰዎት ቀን ይቆጠራል።